ትንሿ ማሰሮ

በ1850 አርተር ሂል ሀሳል የሚባል እንግሊዛዊ ሐኪም የለንደን ሕዝብ የሚጠጣውን ውሃ በማይክሮስኮፕ መርምሮ፣ ያየውንም በሥዕል አስደግፎ አንዲት አነስተኛ መጽሐፍ አሳተመ። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ከወዲሁ ይያዝልኝ።) ኮሌራ በከተማይቱ በሺህ የሚቆጠር ሰው ፈጅቶ ገና ማለፉ ነበርና ሕዝቡ ድንጋጤው አልለቀቀውም። ሀሳል የውሃ ኩባንያዎቹ ከሚያድሉት ውሃ ጠብታ እየወሰደ፣ በውስጡ የሚርመሰመሰውን ሁሉ አንድ በአንድ ዘረዘረ። ሰው ብርጭቆውን ከማንሣቱ በፊት ሁለት ጊዜ እንዲያስብ የሚያደርግ ሥራ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላም የለንደንን የውሃ አቅርቦት የሚመለከት ሕግ ወጣ።

እኔን የሳበኝ ግን ሌላ ነገር ነው። ሀሳል በዚያ ሁሉ ዝቃጭ መካከል አንዲት ውብ ነገር አየ። እንደ ብርጭቆ የጠሩ ቀጫጭን ዘንጎች፣ ብዙውን ጊዜ ስምንት ሆነው፣ በአንድ ጫፋቸው ተያይዘው ጨረሯን የዘረጋች ኮከብ ሠርተዋል። ቆሻሻን ለማጋለጥ የተነሣው ሐኪም ለዚህች ፍጡር ስም ሲያወጣ የከሳሽን ቋንቋ ትቶ በአድናቂ ቋንቋ ተናገረ። አስተሪዮኔላ ፎርሞሳ አላት። ውቢቱ ትንሽ ኮከብ ማለት ነው።

አምስት ዓመት ያህል ቆይቶ በበርሊን አሌክሳንደር ብራውን የተባለ የዕፅዋት ሊቅ ለፕሩሲያ የሳይንስ አካዳሚ አንድ ጥናት አቀረበ። የጥናቱ ርእስ ረዘም ያለ ነው፤ በዋቅላሚዎችና በደቃቅ የውሃ እንስሳት ላይ ጥገኛ ሆነው ስለሚኖሩ ባለ አንድ ሕዋስ ዕፅዋት ይላል። ብራውን ያያቸው ነገሮች በዋቅላሚው ገላ ላይ የተጣበቁ፣ ክብ ሆድ ያላቸው፣ አንዳንዶቹም ክዳን ያላቸው ጥቃቅን ከረጢቶች ነበሩ። ቅርጻቸው የወጥ ቤት ዕቃ አስታወሰውና በግሪክኛ "ትንሽ ማሰሮ" የሚል ስም ሰጣቸው፤ ኪትሪዲየም። ከእነርሱም ዋነኛዋን ኪትሪዲየም ኦላ አላት። "ኦላ" ደግሞ በላቲን ያው ማሰሮ ነውና ፍጡሪቱ በሁለት ልሳን ማሰሮ ተብላ ቀረች። ሊቁ የቃል ድግግሞሹን ሳያስተውል ቀርቶ ነው ብዬ አላምንም፤ ክዳኗ ሲከፈት ያየ ሰው ሌላ ስም ሊመጣለት ባለመቻሉ ነው እላለሁ። ዛሬ መላው ነገድ ካይትሪድ እየተባለ የሚጠራው ከዚያች ቃል ተነሥቶ ነው።

አንዱ ኮከቧን፣ ሌላው ማሰሮዋን በአንድ ዐሥር ዓመት ውስጥ ሰየሙ። የሁለቱ ፍጥረታት ታሪክ በአንድ ገጽ ላይ በወጉ ተያይዞ እስኪጻፍ ድረስ ግን መቶ ዓመት ያህል ማለፍ ነበረበት።

ከመቀጠሌ በፊት ማሰሮዋ እንዴት እንደምትኖር ልንገር፤ ይህ ካልታወቀ ቀሪው ታሪክ ትርጉም የለውም። ካይትሪድ የፈንገስ ወገን ነው። በጓሮ እንደምናውቀው እንጉዳይ ወይም በዳቦ ላይ እንደሚወጣው ሻጋታ የሚዘረጋ ክር ግን የለውም። ሕይወቱን የሚጀምረው እንደ ዋናተኛ ነው። ከአንድ ሚሊሜትር ሺኛ ሦስት አራት እጅ የምታክል ራቁት ሕዋስ፣ ከበስተኋላዋ አንዲት ጅራት ብቻ ያላት፣ ያቺን ጅራት እየወዘወዘች በውሃ ውስጥ ትበራለች። ስንቋ በሆዷ ያለች አንዲት የስብ ጠብታ ናት። አፍ የላትም፤ መብላት አትችልም። ስንቋ ሳያልቅ ቤት ማግኘት አለባት።

ኮከቢቱን ስታገኝ በአንዱ ዘንግ ላይ ታርፋለች። ጅራቷን ትጥላለች፤ ዙሪያዋን ግድግዳ ታበጃለች፤ በብርጭቆው ቅርፊት መጋጠሚያ በኩል እንደ ሥር ያለ ቀጭን ክር ወደ ውስጥ ትልካለች። ከዚያ በኋላ የዘንጉ ሕዋስ የሚሠራው ለራሱ ሳይሆን ለእንግዳዋ ነው። እርሷ ከውጭ ሆና እየወፈረች ማሰሮ ትሆናለች። የሕዋሱ ወርቃማ ቡኒ ቀለም እየተሰበሰበ፣ እየጨማደደ ይጠፋል። ጥቂት ቀናት ካለፉ በኋላ ማሰሮዋ ተከፍታ በውስጧ የተዘጋጁት አዳዲስ ዋናተኞች ይወጣሉ፤ አንዳንዴ ጥቂት፣ አንዳንዴ በደርዘን የሚቆጠሩ። የተያዘው ሕዋስ አይድንም። የኮከቧ አንድ ጨረር ባዶ ብርጭቆ ሆኖ ይቀራል፤ ጎረቤቶቹ ጨረሮች ተራቸውን እየጠበቁ አብረውት ይንሳፈፋሉ።

ማሰሮዋ ሌላም መንገድ አላት። ጊዜው ሲከፋ ሁለት ግለሰቦች ተገናኝተው፣ አንዱ ያለውን ሁሉ በቀጭን ቧንቧ ለሌላው አሳልፎ፣ ወፍራም ቅርፊት ያለው የዕረፍት ስፖር ይሠራሉ። ከባዶው ብርጭቆ ጋር ወደ ሐይቁ ወለል ወርዶ በጭቃ ውስጥ ቀን የሚጠብቅ ነው።

አሁን ወደ ቦታው እንሂድ። በሰሜን ምዕራብ እንግሊዝ፣ ገጣሚዎች ስሙን ለዓለም ባስተዋወቁት የሐይቆች አውራጃ፣ ዊንደርሜር የሚባል ረዥምና ጠባብ ሐይቅ አለ። በምዕራባዊ ዳርቻው ሬይ ካስል የተባለ ሕንፃ ቆሟል። ስሙ ግንብ ይሁን እንጂ ጦርነት አይቶ አያውቅም፤ በ1840ዎቹ አንድ የሊቨርፑል ሐኪም የመካከለኛውን ዘመን አስመስሎ ያሠራው የሀብታም ቤት ነው። በ1882 በጋ አንድ የለንደን ቤተሰብ ይህን ቤት ተከራይቶ ከረመ። ከልጆቹ አንዷ የዐሥራ ስድስት ዓመቷ ቢያትሪክስ ፖተር ነበረች፤ ኋላ የጥንቸሉን የፒተርን ተረት የጻፈችው።

ስለ እርሷ የማነሣው ለጌጥ አይደለም። ቢያትሪክስ ፖተር የልጆች ደራሲ ከመሆኗ በፊት የፈንገስ ተመራማሪ ለመሆን የደከመች ሴት ናት። እንጉዳዮችን እጅግ በረቀቀ እጅ ሥላለች፤ ስፖሮቻቸውን ቤቷ ውስጥ አብቅላለች። ስለ ስፖሮቹ መብቀል የጻፈችው ጥናት በ1897 በለንደን የሊኒየስ ማኅበር ፊት ሲቀርብ ግን እርሷ በአዳራሹ አልነበረችም። ሴት በማኅበሩ ስብሰባ መገኘት አይፈቀድላትም ነበርና ወረቀቱን አንድ ወንድ ይዞላት ገባ። ጥናቱ ሳይታተም ቀረ። ሥዕሎቿ ዛሬም በዚያው በሐይቆቹ አውራጃ በአምብልሳይድ ሙዚየም ይገኛሉ። ይህን ነገር አንባቢ በልቡ ያቆይልኝ።

ሬይ ካስል በ1931 የንጹሕ ውሃ ሥነ ሕይወት ማኅበር ቤተ ሙከራ ሆነ። ማኅበሩ የተመሠረተው ከሁለት ዓመት በፊት ነው። የመኳንንት መኝታ የነበሩት ክፍሎች በጠርሙስ፣ በመረብና በማይክሮስኮፕ ተሞሉ። በዚህ ቤት ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሊያበቃ ሲል ጆን ሉንድ የሚባል በ1912 የተወለደ የዋቅላሚ አጥኚ ሥራ ጀመረ። ከ1945 አንሥቶ በየሳምንቱ፣ ዝናብም ይሁን በረዶ፣ ጀልባ ተይዞ ወደ ሐይቁ ይወጣል፤ ክብደት የታሰረበት ረዥም ቱቦ ወደ ውሃው ይወርዳል፤ የተቀዳው ውሃ በአዮዲን ተነክሮ ይዘቅጣል፤ ሌንሱ ከታች በሆነ ማይክሮስኮፕ ሥር ደግሞ ኮከቦቹ ይቆጠራሉ። ሳምንት በሳምንት፣ ዓመት በዓመት። ይህን ቆጠራ ትውልድ ከትውልድ እየተረከበው ቀጠለ። በንጹሕ ውሃ ጥናት ታሪክ እንዲህ ያለ ርዝመት ያላቸው መዝገቦች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው።

ሰው ለምን ኮከብ እንደ ቀራጭ ይቆጥራል? የሐይቅ ኑሮ ከላይ ሲታይ ዝም ያለ ይመስላል እንጂ በውስጡ ታላላቅ መንግሥታት ይነሣሉ፤ ይወድቃሉ። በየጸደዩ ብርሃኑ ሲረዝም የአስተሪዮኔላ ቁጥር በእጥፍ በእጥፍ ያድግና በአንዲት ሚሊሊትር ውሃ ውስጥ በሺህ የሚቆጠር ሕዋስ ይገኛል። ከዚያም በሳምንታት ውስጥ ይወድማል። ገዳዩ ማን ነው? ሉንድ ለጸደዩ ውድቀት ግሩም መልስ አገኘ፤ በ1950 አሳተመው። ኮከቢቱ ዘንጎቿን የምትሠራው በውሃ ከሟሟ ሲሊካ ነው፤ ይኸውም ብርጭቆ የሚሠራበት ንጥረ ነገር ነው። ከክረምት የተጠራቀመው ሲሊካ በአንድ ሊትር ውሃ ወደ 0.5 ሚሊግራም ሲወርድ ቤት መሥሪያው አለቀ ማለት ነው፤ እድገቷም ይቆማል። ጥርት ያለ፣ በኬሚስትሪ የሚለካ፣ ለመማሪያ መጽሐፍ የሚመች መልስ ነው።

ችግሩ ኮከቦቹ ሲሊካ ሞልቶ እያለም የሚሞቱባቸው ወራት መኖራቸው ነበር። በተለይ በመጸው።

ሂልዳ ካንተር ወደ ታሪኩ የምትገባው እዚህ ላይ ነው። በ1922 ተወለደች፤ በ1940ዎቹ በሬይ ካስል ማሰሮዎችን መፈለግ ጀመረች። ከእርሷ በፊት በአውሮፓ ልዩ ልዩ አገሮች በፕላንክተን ላይ ካይትሪድ አይተው የሣሉ ሰዎች ነበሩ። እነርሱ ግን እንደ ብርቅ ነገር አይተው፣ ስም አውጥተው ያልፋሉ፤ ጥገኛዋ ለታሪኩ የግርጌ ማስታወሻ ነበረች። ካንተር ያመጣችው አዲስ ነገር ቀላል ይመስላል፤ ከኮከቦቹ ጋር ማሰሮዎቹም ተቆጠሩ። ስንት ሕያው ዘንግ፣ ስንት የተያዘ ዘንግ፣ ስንት ባዶ ብርጭቆ። የሉንድን ሳምንታዊ ቁጥር ከእርሷ ቁጥር ጋር ጎን ለጎን ሲያስቀምጡት ውድቀቶቹ ሁሉ የረኃብ ውድቀት አለመሆናቸው ታየ። አንዳንዱ ወረርሽኝ ነበር። ኮከቢቱ የሚያስፈልጋት ሁሉ ሞልቶላት፣ እየተባዛችም እያለች፣ ጥገኛዋ ከመባዛቷ ፈጥና ትደርስባት ነበር።

ጥናቱ በ1948 "ኒው ፋይቶሎጂስት" በተሰኘው መጽሔት ወጣ። የደራሲዎቹ ስም በዚህ ቅደም ተከተል ተጽፏል፤ ካንተርና ሉንድ። በዓመቱ፣ በ1949፣ ተጋቡ። በአንድ ወረርሽኝ መዝገብ ላይ የተጀመረ ትዳር ከስድሳ ዓመት ብዙም ያልተናነሰ ዕድሜ አስቆጠረ ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

የዚያ ጥናት ክብደት በአንድ አረፍተ ነገር የሚገለጽ አይደለም። እስከዚያ ድረስ ስለ ሐይቅ የሚጽፉ ሰዎች የፕላንክተንን መነሣትና መውደቅ የሚያስረዱት በብርሃን፣ በሙቀት፣ በምግብና በበላተኛ ነበር። ፕላንክተን የሚለው ቃል ራሱ፣ ቪክቶር ሄንሰን የተባለ ጀርመናዊ በ1887 ከግሪክ ሲያመጣው፣ ተንከራታች፣ ማዕበል የሚወስደው ማለት ነበር። ተንከራታችን የሚገዛው የአየር ጠባዩ ነው ተብሎ ይታሰባል እንጂ ይታመማል ብሎ ማን ያስባል? ካንተርና ሉንድ ሌላ ሰበብ አከሉ። በሽታው የኮከቢቱን መብዣ ወቅት ሊያዘገየው፣ ቁጥሯን ሊያሳንሰው፣ ከዚያም አልፎ ያልተያዘ ሌላ ዋቅላሚ ቦታዋን እንዲወርስ ሊያደርግ እንደሚችል አሳዩ። የአንድ ሐይቅ የሥልጣን ዝውውር ከአንድ ሚሊሜትር ሺኛ ጥቂት እጅ በምታክል ዋናተኛ ሊወሰን ይችላል ማለት ነው።

ሆኖም ሐሳቡ ወዲያው አልሠለጠነም። ሲሊካን ማንም ኬሚስት ይለካዋል፤ ማሰሮን ለማየት ግን የካንተር ዓይንና የካንተር ትዕግሥት ያስፈልጋል። ግልጽ የሆነች፣ ከዘንጉ ጎን እንደ አየር አረፋ የተለጠፈች ነገር ናት፤ የማያውቃት ቆጣሪ አይቷት ያልፋል። ብዙ ቤተ ሙከራ ለዐሥርት ዓመታት ያለፋትም ለዚህ ይመስለኛል።

ካንተር ግን አላለፈችም። "የብሪታንያ ካይትሪዶች ጥናት" በሚል ተከታታይ ርእስ፣ በሮማውያን ቁጥር እየቆጠረች፣ ከሃያ በላይ ክፍል አሳተመች። ከሁሉም የሚያስደንቀኝ በ1969 የወጣው ክፍል ነው። በዚያ ጽሑፍ በአስተሪዮኔላ ላይ የሚኖሩትን ፈንገሶች እንደገና ለይታ ደለደለቻቸው። ቀድሞ በአንድ ስም ሲጠሩ የነበሩት ማሰሮዎች አንድ ወገን ብቻ አልነበሩም። ክዳን ያላትና ክዳን የሌላት፣ በዕረፍት ስፖራቸው አሠራር የሚለያዩ፣ በአንዲት ኮከብ ላይ ጎን ለጎን የሚኖሩ ሁለት ዘሮች፤ አንደኛዋ ዛይጎሪዚዲየም፣ ሁለተኛዋ ራይዞፊዲየም። ስም ያገኘችበትን ሥራ ከሃያ ዓመት በኋላ አንሥታ ራሷ ማረሟን ልብ ይሏል። ጽሑፉ የወጣው በሊኒየስ ማኅበር የዕፅዋት መጽሔት ላይ ነው። በ1897 ቢያትሪክስ ፖተር በራፉን ያላለፈችበት ያው ማኅበር ነው። ሁለቱም ሴቶች በአንድ ግንብ ውስጥ፣ በአንድ ሐይቅ ዳር ዓይናቸውን ያሳደሩ ነበሩ።

ጥገኛን ከሐይቅ አውጥቶ በጠርሙስ ማኖር ሌላ ፈተና ነበር፤ አስተናጋጇን ሳትገድል አትኖርም፤ ከገደለቻት ደግሞ አብራት ታልቃለች። ካንተር ከባልደረባዋ ከጆርጅ ያዎርስኪ ጋር በ1978 መንገዱን አገኙ፤ ኮከብና ማሰሮ አብረው የሚኖሩበትን ዘር በቤተ ሙከራ አኖሩ። ከዚያ በኋላ ጥያቄ መጠየቅ ተቻለ። ማሰሮዋ ከአስተሪዮኔላም ዝርያ ዝርያውን እንደምትመርጥ ታወቀ፤ አንዱን የምትፈጅ በሌላው ላይ አታርፍም። በ1981 ያሳተሙት ደግሞ የበለጠ ይገርማል፤ በጨለማ ዋናተኞቹ አስተናጋጃቸውን መያዝ ይሳናቸዋል። በብርሃን የሚኖረው ዋቅላሚው ነው እንጂ ፈንገሱ ብርሃን አይበላም። ይሁንና ዋቅላሚው በብርሃን ሲሠራ ወደ ውሃው የሚለቃቸው ነገሮች ሽታ ሆነው ዋናተኛዋን ይጠሯታል የሚለው ማብራሪያ ይበልጥ ተቀባይነት አለው። ኮከቢቱን የሚያስይዛት መኖሯ ራሱ ነው ማለት ነው።

በነገራችን ላይ፣ የዚያ ቤተ ሙከራ መንገድ ወደ እኛም አገር ይመጣል። ሉንድ በ1957 የሐይቅ ዋቅላሚ የሚጠናበትን ዘዴ የሚያስተምር ሰፊ ጽሑፍ ያሳተመው ጃክ ታሊንግ ከሚባል ሰው ጋር ሆኖ ነው። ታሊንግ በኋላ ከዉድ፣ ከፕሮሰርና ከባክስተር ጋር በመሆን በቢሾፍቱ አካባቢ ያሉትን የአረንጓዴንና የኪሎሌን ሐይቆች አጥንቶ በ1973 ውጤቱን አወጣ። የጥናቱ ጥያቄ በውሃ ላይ የሚንሳፈፍ ዋቅላሚ በብርሃን ኃይል ሊያመርት የሚችለው የመጨረሻው ጣሪያ የት ነው የሚል ነበር፤ መልሱም የተፈለገው በእነዚያ አመዳማ ጨው በበዛባቸው፣ ውሃቸው እንደ ጎመን ጭማቂ በወፈረ የእሳተ ገሞራ ጉድጓዶች ነው። የዊንደርሜር ስስ ውሃና የቢሾፍቱ ወፍራም ውሃ በአንድ ሰው ደብተር ተገናኙ። ስለ ሐይቅ ሳይንስ ከሚጻፉ መጻሕፍት የቢሾፍቱን ስም ሳገኝ የሚሰማኝን ደስታ አልደብቅም።

ብርዱ ያለው ሚና የታወቀው ደግሞ በኔዘርላንድ ነው። በዩትሬክት አጠገብ አሸዋ ተቆፍሮ ሲወጣ የተፈጠረ ማርሴቬን የሚባል ጥልቅ ሐይቅ አለ። ኤለን ቫን ዶንክና ዮፕ ሪንገልበርግ በዚያ ሐይቅ የኮከቢቱንና የማሰሮዋን ትግል ተከታትለው በ1983 አሳተሙ። ውሃው ከ3 ዲግሪ ሴልሺየስ በታች ሲቀዘቅዝ ማሰሮዋ ትፈዝዛለች፤ ዋናተኞቿ ሥራ ይፈታሉ። ኮከቢቱ ግን በዚያ ብርድም ቀስ እያለች ትባዛለች። ስለዚህ ክረምቱ የከፋ እንደሆነ፣ ሐይቁም በረዶ የለበሰ እንደሆነ፣ ኮከቢቱ ጥቂት የነጻነት ሳምንታት ታገኛለች፤ በሽታው ሲነቃ ቁጥሯ አስቀድሞ በዝቶ ይጠብቀዋል። ክረምቱ የለዘበ እንደሆነ ግን ማሰሮዋ አታንቀላፋም። ኮከቢቱ ከመነሣቷ ትቀጠፋለች፤ ጸደዩንም ሌሎች ዳያተሞች ይወርሱታል። ለእኛ ጨካኝ የሚመስለን ብርድ ለእርሷ መሸሸጊያ ነበር።

ለረዥም ጊዜ ካይትሪድ የጥቂት ሰዎች ፍቅር ሆኖ ኖረ። ዓለም ስሙን የሰማው በ1999 ሲሆን፣ የሰማውም በክፉ ነው። በዚያ ዓመት ጆይስ ሎንግኮርና ባልደረቦቿ እንቁራሪቶችን የሚገድል አዲስ ካይትሪድ ገለጹ። ይህ ፈንገስ በብዙ አህጉራት የእንቁራሪት ዝርያዎችን እስከ መጥፋት አድርሷል፤ በኢትዮጵያ ደጋዎችም በብዙ ቦታና በብዙ ዝርያ ላይ መገኘቱ በ2012 ታትሟል። ከዚያ ወዲህ ካይትሪድ ሲባል ሰው የሚያስበው የእንቁራሪት ሞት ነው። የኮከቢቱ ማሰሮ የዚያ ገዳይ የሩቅ ዘመድ ናት፤ በስሙ ግን ልትታማ አይገባም ባይ ነኝ። የእርሷ ታሪክ ሌላ ነው።

ሌላ የሚያሰኘውን ነገር ካሳዩት አንዷ ጃፓናዊቷ ማይኮ ካጋሚ ናት። አስተሪዮኔላ ለውሃ ቁንጫ፣ ለዳፍኒያ፣ አትበላም፤ ዘንጎቿ ይረዝማሉ፣ አፍ አይገቡም። ስለዚህ ሐይቁ በኮከብ ሲሞላ ዳፍኒያ በጥጋብ መካከል ይራባል። ካጋሚ ከኔዘርላንድ ባልደረቦቿ ጋር በ2007 እንዳሳተመችው ግን፣ ማሰሮዋ የኮከቧን ሥጋ ወደ ዋናተኞች ትለውጠዋለች፤ ዋናተኞቹ ደግሞ ለዳፍኒያ አፍ ልክ የሆኑ፣ በስብ የበለጸጉ ጉርሻዎች ናቸው። ኮከቧ ብቻዋን በቀረበችበት ጠርሙስ ዳፍኒያው ሲከሳ፣ የታመመችው ኮከብ በቀረበችበት አደገ። ያ ዳፍኒያ የዓሣ ምግብ ነው። የዚህ ዑደት ስም ዛሬ "ማይኮሉፕ" ነው፤ የፈንገስ ቀለበት ልንለው እንችላለን።

በዚያው ዘመን በፈረንሳይ፣ ፓቬን በሚባል የእሳተ ገሞራ ሐይቅ፣ ከውሃው ውስጥ የዘር ኬሚካሉን በቀጥታ አውጥተው ያነበቡ ተመራማሪዎች ያልጠበቁትን ያህል ካይትሪድ አገኙ። ዋናተኞቹ ለካ ሁልጊዜ ነበሩ። ቆጣሪዎች ባለ ጅራት ደቃቅ ሕዋስ ባዩ ቁጥር ባክቴሪያ በሚበሉ ሌሎች ፍጥረታት ስም ሲመዘግቧቸው ኖረዋል። አንድ ሙሉ ነገድ በሌላ ሰው ስም ተቆጥሮ ነበር።

ሂልዳ ካንተር ሉንድ በ2007 አረፈች። በእርጅናዋ ዘመን ሰዎች የሚያውቋት ከጥናቶቿ ይልቅ በፎቶግራፎቿ ነበር። በ1995 ከባሏ ጋር ያሳተመችው የንጹሕ ውሃ ዋቅላሚዎች መጽሐፍ በማይክሮስኮፕ ባነሣቻቸው ሥዕሎች የተሞላ ነው፤ የብሪታንያ የዋቅላሚ አጥኚዎች ማኅበርም በየዓመቱ ለተሻለ የዋቅላሚ ፎቶግራፍ የሚሰጠውን ሽልማት በእርሷ ስም ሰይሞታል። ጆን ሉንድ በ1963 የሮያል ሶሳይቲ አባል ሆኖ ነበር፤ በ2015 በ102 ዓመቱ ተከተላት።

እርሷ ካረፈች በአራተኛው ዓመት፣ በ2011፣ ኢበሊንግስና ባልደረቦቹ ከማርሴቬን ሐይቅ የተሰበሰበውን ከሠላሳ ዓመት በላይ የሚሆን መዝገብ ይዘው ስለ ሙቀት መጨመር ጻፉ። የጠበቁት ነገር ግልጽ ነበር፤ ክረምቱ እየለዘበ ሲሄድ ማሰሮዋ ትበረታለች፤ ወረርሽኙም ይበዛል። መዝገቡ ያሳያቸው እንደዚያ አልነበረም። ከ3 ዲግሪ በታች የሚሆኑት ሳምንታት በጠፉባቸው ዓመታት ኮከቢቱ ገና ከጅምሩ እየተቀጠፈች አትበዛም፤ ኮከብ ካልበዛ ደግሞ ዋናተኛዋ ስንቋ ሳያልቅ የምትደርስበት ቤት የለም። በእነዚያ ዓመታት ጥቂት ኮከቦች እዚህም እዚያም ይንሳፈፋሉ፤ በላያቸውም ጥቂት ማሰሮዎች። የጸደዩ ታላቅ መነሣት አይታይም፤ እርሱን ተከትሎ የሚመጣው ታላቅ ወረርሽኝም አይታይም። በመዝገቡ ላይ ለዚያ ወቅት የተጻፉት ቁጥሮች ትንንሾች ናቸው፤ የኮከቦቹም፣ የማሰሮዎቹም።